ወይዘሮ ቀጥታ

በየቤተሰቡ አንድ «ድሮ ቴሌቪዥን ላይ የነበረ» ሰው አይጠፋም። የለንም የሚል ቤተሰብ ካለ በደንብ አልፈለገም ማለት ነው። አንዱ በሕፃናት መዝሙር ከኋላው ረድፍ ቆሞ ታይቷል። ሌላው ዜና አንባቢው ትን ሲለው ውኃ ያቀበለው እጅ የእሱ ነበር። እንግዳ በመጣ ቁጥር ይህ ታሪክ ከሻዩ ቀድሞ ይቀርባል። ማስረጃ ብትጠይቁ ደግሞ መልሱ ያው አንድ ነው፦ «ያኔ እኮ አይቀረጽም ነበር!»

የዚህ ወገን ሁሉ ንግሥት፣ የበላይ ጠባቂና የዕድሜ ልክ ሊቀመንበር ክብርት ወይዘሮ ቀጥታ ናቸው። የእናት የአባት ስማቸው አይደለም። ቴሌቪዥን ገና ዳዴ በሚልበት ዘመን፣ ድራማ ሁሉ በቀጥታ ስርጭት ሲተላለፍ፣ ተዋናይ ስለነበሩ ዘመድ ያወጣላቸው ስም ነው። ስሙ ግን አይገጥማቸውም፤ ወይዘሮ ቀጥታ በሕይወታቸው አንድም ነገር በቀጥታ ተናግረው አያውቁም። ስንት ሰዓት ሆነ ብትሏቸው፣ ሰዓቱን ከሸጠላቸው ሰው ሠርግ ነው የሚጀምሩት።

ይህን ከማንም በላይ የምታውቀው የእህታቸው ልጅ ናት። ፋርማሲስት ናት። በዓለም ላይ የምትፈራው ነገር ቢኖር የተሳሳተ ቃል ነው። ለእሷ «በቀን ሁለቴ፣ ከምግብ በኋላ» ማለት በቀን ሁለቴ፣ ከምግብ በኋላ ማለት ነው፤ አለቀ፣ ደቀቀ። እንዲህ ላለች ሴት እንዲህ ያሉ አክስት የሰጠ ፈጣሪ፣ ጨዋታ ያውቃል።

ወይዘሮ ቀጥታ የሠሩበት ስቱዲዮ ቀድሞ የእህል መጋዘን ነበር አሉ። ግድግዳው ቀለም የተቀባ ጨርቅ፣ ሰማዩ የተወጠረ አንሶላ፣ ፀሐዩ ሰውን በቆመበት የሚጠብስ መብራት። ካሜራውስ? አቤት ካሜራው! ጎማ ላይ የተቀመጠ፣ ጎልማሶች ተጋግዘው የሚገፉት፣ ግንባሩ ላይ ቀይ መብራት ያለው ግዙፍ ፍጡር። ቀዩ ከበራ አገር ምድሩ ያያችኋል። ቃል ቢጠፋባችሁ፣ ወንበር ቢሰበርባችሁ፣ ወደ ኋላ መመለስ የሚባል ነገር የለም። የተሠራው ሥራ ደግሞ የትም አይቀመጥም፤ ታይቶ እንደ ትንፋሽ በኖ ይቀራል። እስቲ አስቡት! የሰው ልጅ በሙሉ ልቡ፣ ፊቱን ተኳኩሎ፣ ዕድሜውን ሙሉ ውኃ ላይ ሲጽፍ!

ወይዘሮ ቀጥታ መሪ ተዋናይት ሆነው አያውቁም። ጎረቤት ነበሩ። ነርስ ነበሩ። እንደገና ጎረቤት ነበሩ። ሻይ የምታቀርብ ሠራተኛ ሆነው ብዙ ከቆዩ በኋላ በእድገት ሻይ የሚቀርብላቸው ጎረቤት ሆኑ። ሆኖም ያለ እሳቸው ድራማ ለመጀመር የሚደፍር አዘጋጅ አልነበረም። ምክንያቱም ይሸፍናሉ። የሰውን ስሕተት መሬት ሳይነካ ባየር ላይ ይቀልቡታል።

አንድ ጊዜ ባል የሞተበት ድራማ ነበር። ሟቹ አንሶላ ተከናንቦ መሐል ቤት ተጋድሟል፤ ሚስት ታለቅሳለች፤ ወይዘሮ ቀጥታ እንደ ልማዳቸው ጎረቤት ሆነው ያጽናናሉ። ድንገት ሬሳው አስነጠሰ። ማስነጠስ ብቻ መሰላችሁ? አንሶላው እንደ ሸራ ተነፋ! ሚስቲቱ አፏን ከፍታ ቀረች። አዘጋጁ ከካሜራው ኋላ ሁለት እጁን ራሱ ላይ ጫነ። ወይዘሮ ቀጥታ ግን ወደ ሚስቲቱ ዞረው፦

«ይኸው! ይሄን ቤት ጥረጊ፣ አቧራውን አራግፊ እያልኩሽ፤ ሬሳ እንኳ አስነጠሰ!» አሉ።

በማግስቱ ከተማው የሚያወራው ስለ ሟቹም ስለ ሚስቱም አልነበረም። ስለ አቧራው ነበር።

ሌላ ጊዜ ደግሞ ግድግዳው ወደቀ። ጨርቁ ሲጋደም ከኋላው አንድ አናጺ መሰላል ላይ ተቀምጦ፣ ዳቦ ጎርሶ፣ ከነመዶሻው ታየ። አገር እያየው ነው፤ ማላመጡን አቆመ። ወይዘሮ ቀጥታ ቀና ብለው አዩትና፦

«ወንድሜ፣ ግድግዳችን እስኪጠገን እዚያ ላይ ተሰቅለህ መብላት ነበረብህ? በል ውረድ፣ እንደ ሰው ገበታ ቅረብ!»

አናጺው ወረደ፤ ገበታም ቀረበ። ተመልካች ስለወደደው በሚቀጥሉት ሳምንታትም ይቀርብ ነበር። በመጨረሻ ወይዘሮ ቀጥታን አገባና ከገበታው ሳይነሣ ቀረ። ፋርማሲስቷ «አጎቴ» እያለች ያደገችው ይህንን ሰው ነው። የአክስቷን ገድል በዓይኔ አይቻለሁ የሚል ብቸኛ ምስክርም እሱ ነበር። እሱም አረፈ።

ታዲያ ይህ ሁሉ ሙያ ስቱዲዮ ውስጥ ቢቀር ምን ነበረበት! ወይዘሮ ቀጥታ ጸጥታ ሲያዩ ቤት የተቃጠለ ይመስላቸዋል። ፋርማሲስቷ ልታገባ ሰሞን የእጮኛዋ እናት ሊጠይቋቸው መጡ። እንደማንኛውም ሰው ሻይ ጠጡ፤ እንደማንኛውም ሰው ለአፍታ ዝም አሉ። ብቻ ለአፍታ! ወይዘሮ ቀጥታ ያንን ዝምታ ሊሸፍኑ ዘልለው ገቡበት፦

«ይቺን ልጅ ዝም ስትል አይተው እንዳይታዘቧት። ልጅ ሆና መንተባተብ ነበረባት፤ ስንት ሐኪም ዞረን መሰለዎት!»

ልጅቷ ተንተባትባ አታውቅም። የዚያን ቀን ግን ከድንጋጤ የተነሣ «እ... እ... እትዬ!» ስላለች ነገሩ ጸደቀ። አማቷ እስከ ዛሬ ድረስ የሚያናግሯት ቃሉን አንድ በአንድ፣ እያዘገሙ፣ በአዘኔታ ዓይን እያዩ ነው።

«ምን አጠፋሁ? ወዲያው አላቀፉሽም?» ይላሉ ወይዘሮ ቀጥታ። «ባልሸፍንሽ ኖሮ ይሄን ጊዜ ስለ አየሩ ታወሩ ነበር።»

ከቴሌቪዥኑ በኋላ ፊልም መጣ። በፊልም የተሠራ አይጠፋም፤ ይቀመጣል፤ የልጅ ልጅ ያየዋል። ወይዘሮ ቀጥታ ያኔ የተሰማቸውን ሲናገሩ ዛሬም ድምፃቸው ይቀጥናል። ትልቅ ዳይሬክተር መረጣቸው። የመጀመሪያው ትዕይንት ተጀመረ፤ መሪው ተዋናይ ቃል ሳተ፤ ዳይሬክተሩ እንደ ደንቡ «ቁረጥ!» ብሎ ጮኸ። በቀጥታ ስርጭት ያደገች ሴት ይህን ቃል ከየት ታውቀዋለች? ለእሳቸው ከካሜራ ኋላ የሚመጣ ጩኸት ሁሉ ስሕተት ነው፤ ስሕተት ሁሉ ይሸፈናል። ፈገግ ብለው ለተዋናዩ፦

«አትደንግጥ፣ ጎረቤታችን ነው። ሚስቱ ጸጉሩን ስትቆርጠው እንደዚህ ነው የሚጮኸው» አሉት።

«ቁረጥ አልኩ እኮ!»

«ሰማኸው? እንዲያጥርለት ይፈልጋል።»

ጥሬ ፊልሙ ባሕር ተሻግሮ የሚመጣ እንደ ወርቅ የሚሳሱለት ነገር ነበር። ዳይሬክተሩ ባርኔጣውን አውልቆ ረገጠው። በስተመጨረሻም ቁረጥ ያለውን ቆረጠ፤ የቆረጠው ግን ወይዘሮ ቀጥታን ነው። ፊልሙ ሲወጣ ከእሳቸው የቀረችው መጋረጃ የምትከፍት እጅ ብቻ ነበረች። ከዚያ በኋላም ሁለት ፊልም ሞከሩ፤ ሁለቱም ላይ ጎረቤት እየጮኸ አስቸገራቸው።

እነሆ የአንድ ተዋናይት ዕድሜ! የቴሌቪዥኑ ተነነ፣ የፊልሙ ተቆረጠ። ወይዘሮ ቀጥታ ስለዚህ ነገር አልቅሰው አያውቁም። አንድ ቀን ብቻ፣ ፋርማሲስቷ የደም ግፊታቸውን እየለካች ሳለ፣ ሳይዞሩ ሳይጠመዝዙ እንዲህ አሉ፦

«አንቺ ልጅ፣ እኔ ስሞት ምን ታሳያላችሁ? መጋረጃ?»

ፋርማሲስቷ የለካችውን ቁጥር ረስታ እንደገና ለካች። አክስቷ በቀጥታ ሲናገሩ ስትሰማ የመጀመሪያዋ ነው።

ሌላም የምታውቀው ነገር ነበር፤ ለማንም ግን አልተነፈሰችም። ወይዘሮ ቀጥታ ሰሞኑን ሰውን ሁሉ «የኔ ጌታ»፣ «የኔ ዓለም» ነው የሚሉት። ዘመድ «አቤት ፍቅራቸው፣ ሲያረጁ ባሰባቸው» ይላል። ፋርማሲስቷ ታውቃለች፤ ፍቅር ብቻ አይደለም፣ ስም እየጠፋቸው ነው። መሐል ወሬ ላይ ሲያቆሙ «በል አንተ ጨርሰው፣ የኔ ነገር ይረዝማል» ይላሉ፤ ሰው ይሥቅና ይጨርስላቸዋል። አጀብ የሚያሰኝ ጥበብ ነው! ያችን የድሮ ሙያቸውን በገዛ ራሳቸው ላይ እየሠሩባት ነው፤ ተመልካች ሁሉ ተሸውዷል።

እንግዲህ በዚህ መሐል ስልክ ተደወለ። አንድ ወጣት ዳይሬክተር ነው። አባቱ ስላስነጠሰው ሬሳ እያወራ አሳድጎታል፤ ያቺ ሴት በሕይወት መኖሯን ሰምቶ እንቅልፍ አጣ። በአዲሱ ፊልሙ አንዲት እናት አለች፤ ለዓመታት የጠፋ ልጇ በር ከፍቶ ይገባል፤ እሷም ጥቂት ቃል ትናገራለች። ያችን ትዕይንት ብቻ ይሥሩልኝ አለ።

የዚያ ቤት ደስታ! ወይዘሮ ቀጥታ በስልክ «ጊዜ ካለኝ አያለሁ» ብለው ዘጉና ወጥ ቤት ገብተው ብቻቸውን ዘለሉ። ድስት ወደቀ። «ድስቱ ነው፣ ደስ ብሎት» አሉ።

ፋርማሲስቷ በየቀኑ ከሥራ ስትወጣ እየመጣች የልጅየውን ቃል ታነብላቸው ጀመር።

«እናቴ ሆይ። ተመልሻለሁ። ብዙ ጊዜ ሆነ።»

«መድኃኒት እያዘዝሽልኝ ነው እንዴ? ልጄ ነሽ፣ ጠፍተሽ ነው የመጣሽው፤ ትንሽ ፍሪ እንጂ!»

«እትዬ፣ እኔ ተዋናይ አይደለሁም።»

«እሱን ማን አጣው!»

እንዲህ እየተነታረኩ ቃሉን ደጋገሙት። አንዳንድ ቀን ውኃ ሆኖ ይፈስ ነበር። አንዳንድ ቀን ደግሞ መሐሉ ላይ ይነጥፍና ወይዘሮ ቀጥታ የሻይ ስኳር መፈለግ ይጀምራሉ። ፋርማሲስቷም ስኳሩን እያየችው አብራ ትፈልጋለች።

ቀረጻው በአንድ ተከራይተው ባዘጋጁት ቤት ነበር። ፋርማሲስቷ ከሥራ ነጭ ጋውኗን እንደለበሰች እየሮጠች ደረሰች። ወለሉ ሁሉ ገመድ፣ መስኮቱ ሁሉ መብራት፣ ሰዉ ሁሉ ወጣት። አንዷ ወንበር ይዛ መጥታ «እማማ፣ ይቀመጡ» ስትላቸው ወይዘሮ ቀጥታ ዞር ብለው ኋላቸውን አዩ፤ እማማ የተባለችዋን ሴት ፍለጋ።

ልጅየውን ሆኖ የሚሠራው ዝነኛ ተዋናይ በሩን ከፍቶ ገባ። ወይዘሮ ቀጥታ ሊናገሩ ሲሉ ውጭ መኪና ጡሩንባውን ነፋ። ዳይሬክተሩ «ካት!» አለ፤ በዛሬ ሰው አፍ ቁረጥ ማለት ነው።

ወይዘሮ ቀጥታ ለልጃቸው ራሳቸውን ነቀነቁ። «ጎረቤቶቻችን ናቸው። ለልጃቸው ያወጡለት ስም እኮ ነው፤ ካት! ቀኑን ሙሉ ሲጠሩት ይውላሉ።»

ቤቱ በሣቅ ፈረሰ። ዳይሬክተሩ ከሁሉ በላይ ሣቀ። በሁለተኛው ጊዜ መብራት ተንቀሳቀሰ፤ «ካት!» ሲል፣ «ይሄ ልጅ ዛሬም አልተገኘም» አሉ። አሁንም ተሣቀ፤ ግን ቀነስ ብሎ። ከዚያ በኋላ የሚሥቅ አልነበረም። ከመስኮቱ የሚገባው የቀን ብርሃን ወደ ብርቱካን እየዞረ፣ ሰዎቹም ሰዓታቸውን እያዩ ሄዱ። አንዱ ለዳይሬክተሩ በጆሮው «ሌላ ሴት ብንጠራስ?» ሲለው ፋርማሲስቷ ሰማች። ወደ አክስቷ ሮጠች።

«እትዬ፣ በሞቴ፣ ካት ሲል ዝም ይበሉ!»

«ዝም? ካሜራ ፊት?» አሉ፤ ልብስሽን አውልቂ የተባሉ ይመስል።

ዳይሬክተሩ ግን ልጅ ቢሆንም ልባም ነበር። ጥቂት አሰበና ለሁሉም ተናገረ፦ «ከአሁን በኋላ ማንም ሰው ካት አይልም። እኔም አልልም። ካሜራው ይሂድ። ቤቱ ቢወድቅ ይሂድ።»

በሩ ተከፈተ። ልጅ ገባ። ወይዘሮ ቀጥታም አዩት። ያ አስተያየት! ፋርማሲስቷ ዕድሜዋን ሙሉ ስትታዘባቸው የኖረችው ሴት የሉም፤ በቦታቸው ልጇን የምታይ እናት ቆማለች።

«ወንበርህ ያው ነው» አሉ፤ በለሆሳስ። «ሰው ሲቀመጥበት...»

ቆሙ።

ዳይሬክተሩ ወደፊት ዘንበል አለ፤ ትወና መስሎት ተደንቆ ነበር። ፋርማሲስቷ ብቻ ያንን ዓይን ታውቀዋለች፤ ስኳር የሚፈልገው ዓይን ነው። ስኳር ግን እዚያ የለም። ይሸፍኑታል ብላ ጠበቀች። አልሸፈኑም። በዚያ ሁሉ ዘመን ስሕተት ወድቆበት የማያውቀው እጃቸው ባዶውን ቀረ። ዝነኛው ተዋናይ ካት እስኪባል ይጠብቃል፤ ካት ደግሞ ተከልክሏል። ትንሽ ከቆየ ነገሩ ለሰዎቹ ይገባቸዋል። ከዚያ በአክብሮት ውኃ ያመጡላቸዋል፣ በአክብሮት መኪና ይጠሩላቸዋል፣ በአክብሮት ሌላ ሴት ይፈልጋሉ።

የፋርማሲስቷ እግር ከእሷ ቀድሞ ሄደ። ገመዱን ተሻገረች፤ ከነነጭ ጋውኗ መብራቱ ውስጥ ገባች።

«ይቅርታ፣ በሩ ክፍት ስለነበር ነው» አለች። ድምፅዋ የራሷ አይመስልም። «እማማ፣ መድኃኒትዎን ሳይውጡ ተነሡ?» ከዚያ ወደ ተዋናዩ ዞረች። «እኔ ጎረቤት ነኝ። አንተ ስትመጣ የሚሉህን ቃል በየቀኑ እኔ ላይ ነው የሚለማመዱት። በቃሌ ይዤዋለሁ። ወንበርህ ያው ነው፣ ሰው ሲቀመጥበት አስነሥቻለሁ ይላሉ። እውነታቸውን ነው! እኔን ራሴን ስንቴ አስነሥተውኛል!»

ወይዘሮ ቀጥታ ቀስ ብለው ዞረው አዩዋት። አንድ ነገር ፊታቸው ላይ በራ።

«አስነሥቻታለሁ!» አሉ። «እንግዳም ቢሆን፣ ሹምም ቢሆን አስነሥቻለሁ። በል ቁጭ በል፣ የኔ ዓለም። ባዶውን ሳየው ኖሬ፣ ሰው ሲኖርበት ምን እንደሚመስል ረስቻለሁ።»

ዝነኛው ተዋናይ ተቀመጠ። እንባው የተጻፈለት አልነበረም። ካት የሚል ስላልነበረ ሦስቱም ተቀምጠው ስለ ጎረቤቱ፣ ስለ ጣሪያው፣ ስለ አሮጌው አጥር አወሩ፤ የካሜራ ባለሙያው እየፈራ «ካርዱ ሞላ» ብሎ እስኪያንሾካሹክ ድረስ።

ሲመለሱ ታክሲ ውስጥ ወይዘሮ ቀጥታ ነጠላቸውን አስተካከሉ።

«ሆን ብዬ ነው ያቆምኩት» አሉ። «ልፈትንሽ ብዬ።»

«አውቃለሁ፣ እትዬ።»

እጃቸውን እጇ ላይ ጣል አደረጉ፤ እስከ ቤት ድረስም አላነሡትም።

ፊልሙ በወጣ ዕለት ዘመድ አዝማዱ አንድ ረድፍ ሞልቶ ተቀመጠ። ዳይሬክተሩ ያችን ትዕይንት ሳይነካት እንዳለች አስገብቷታል፤ ለጎረቤቷ ሲል የፊልሙን ጽሑፍ ሳይቀር አሻሽሏል። ጨለማው ወረደ። በሩ ተከፈተ፤ ልጅ ገባ፤ የአክስቷ ፊት ያንን ትልቅ ሸራ ሞላው። አምሳያ የሌለው ፊት! ረድፉ ሁሉ «እሰይ!» አለ።

ከዚያ ከጎን በኩል ነጭ ጋውን ገባ።

ፋርማሲስቷ ያኔ አላወቀችም ነበር። የቆመችው በካሜራውና በአክስቷ መካከል ነው። ትከሻዋ የወይዘሮ ቀጥታን ግማሽ ፊት ወስዶታል፤ ያንን የመጨረሻ ቃል የሚናገሩት በአንድ ዓይንና በግማሽ ከንፈር ነው። ስንት ዘመን ተጠብቆ፣ ስንቱ ተንኖ ስንቱ ተቆርጦ አንዲት ነገር ስትቀር፣ እዚያች ላይም የራሷ ትከሻ! መሬት ተከፍታ ብትውጣት ወደደች።

«እትዬ፣ ይቅር ይበሉኝ» አለች በሹክሹክታ። «ከለልኩዎት።»

ወይዘሮ ቀጥታ ዓይናቸውን ከሸራው ላይ አላነሡም። ክርኗን ግን ጨምድደው ያዙ። ከዚያ በሌላኛው ጎናቸው ወደተቀመጠች ፈጽሞ ወደማያውቋት ሴት ዘንበል ብለው፣ አዳራሹ ሁሉ በሚሰማው ሹክሹክታ፦

«ያቺ ነጭ የለበሰችውን አየሻት? የእህቴ ልጅ ናት። ይቺው አጠገቤ ያለችው» አሉ። «ተዋናይ ናት።»

ሴትዮዋ በጨለማው ውስጥ አንገቷን አስግጋ አየቻት። «እውነት? ተዋናይ ነሽ?»

ፋርማሲስቷ ልታርማት አፏን ከፈተች። የተሳሳተ ቃል እኮ ነው።

«አዎ» አለች፤ «አክስቴ ናቸው ያስተማሩኝ።»